ማስተካከያ፦ ጢስ ዓባይን ያቀጠነው በለስ ብቻ አይደለም

ባለፈው ጽሑፌ «የጢስ ዓባይን ፏፏቴ ያደረቀው የጣና በለስ የኃይል ማመንጫ ፕሮጀክት ነው» ብዬ ነበር። ተሳስቻለሁ። አንድ የባሕር ዳር አንባቢ «ኧረ ጢሱ የጠፋው በለስ ሳይመጣ ነው!» ብለው ጻፉልኝ። ልክ ናቸው።

በለስ የተመረቀው በ2010 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። ዓባይ ከጣና በሚወጣበት በጨረጨራ የውሃ መቆጣጠሪያው የተሠራው ግን በ1996 ነው። በ2001 ደግሞ «ጢስ ዓባይ ሁለት» የተባለው 73 ሜጋ ዋት የሚያመነጭ የኤሌክትሪክ ማመንጫ ሥራ ጀመረ። ውሃውን ከፏፏቴው በላይ ጠልፎ በቦይ ይወስደዋል። በ1964 የተተከለው የመጀመሪያው ማመንጫ 11 ሜጋ ዋት ገደማ ብቻ ስለነበር የሚሻማው ውሃ ትንሽ ነበር። በበጋ ሄጄ ያየሁት ጥቁር ገደል ነው፤ ከዳሩ እንደ ነጠላ ጥለት የቀጠነ ውሃ ይወርዳል። ፎቶ አንሺው ልጅ ካሜራውን አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ «ነሐሴ ላይ ኑ» ይላል። እስከ ነሐሴ ምን ይበላል?

በለስ ከደሙ ንጹሕ ነው ማለቴ አይደለም። 460 ሜጋ ዋት የሚያመነጨው የጣናን ውሃ በዋሻ ወደ በለስ ወንዝ እያዞረ ነው፤ ያ ውሃ ፏፏቴውን አያየውም።

«ውሃው ባክኖ ቀረ» ያልኩትም ስህተት ነው። የበለስ ወንዝ ወደ ታች ወርዶ መልሶ ዓባይን ይቀላቀላል። የቀረበት ጢስ ዓባይ ነው።