ገጣሚ ሲሞት ያምርበታል

ባለፈው እሁድ እዚሁ ጅማ የአንድ ገጣሚያችን መታሰቢያ ላይ ተገኝቼ ነበር። በ31 ዓመቱ የተቀጨ ልጅ ነው። አዳራሹ ጢም ብሏል። ወገኔ፣ ተባረክ! ሙት ገጣሚ እንዳንተ የሚወድ የለም።

ደግሞስ በቁሙ ያለ ገጣሚ ምን ያደርጋል? ማኪያቶ ስትጋብዘው መጽሐፉን ከቦርሳው ይመዛል። የሞተ ግን ጨዋ ነው። ከሞቱ አሟሟቱ ይላሉ፤ ለገጣሚ ሞቱ ብቻ ይበቃል። ሠዓሊና ገጣሚው ገብረ ክርስቶስ ደስታ በ1973 ዓ.ም. ኦክላሆማ ውስጥ አረፈ፤ ግጥሞቹ በአንድ ጥራዝ የወጡት በ1998 ነው። እሱን የሚያህል ሰው 25 ዓመት ከጠበቀ፣ የኛን ልጅ ምን አስቸኮለው?

መድረክ ላይ "የቅርብ ጓደኛዬ ነበር" ያሉትን ቆጠርኩ፤ 17። አንድ ቡና ነጋዴ "ግጥሞቹን በልቤ ይዣቸዋለሁ" አለ። እውነቱን ነው፣ እጁ ላይ የሉም። ልጁ ፈረንጅ አራዳ ሰፈር ካፌ ለካፌ እየዞረ ሲሸጥ "ፈርምና ስጠኝ" ብሎ በነፃ ወስዶበታል። ከዚያ የሚዛኑ አንድ እግር አጠረ። መጽሐፉን ሥሩ ወሸቀው፤ አሁንም ዋለለ። ገጽ 12 ላይ አጠፈው፤ ቀጥ አለ። ገጽ 12 ለእናቱ የጻፋት ናት። በዚያች ግጥም ላይ ስንት ፈረሱላ ቡና ተመዘነ! ሥነ ጽሑፍ ለኢኮኖሚ አይጠቅምም ያለው ማነው? ክረምት ገብቶ መሬቱ ሲሰምጥማ ልጁን መንገድ ላይ አስቁሞ "ሁለተኛ መድብል አላወጣህም እንዴ?" ብሎታል። እንዲህ ያለ አንባቢ ከየት ይገኛል?

ልጁ አልጋ ላይ ወድቆ ለመድኃኒት ሲደውል ግን ከ17ቱ አንድ ሰው ስልክ አላነሳም። አንድ! የመታወቂያ ፎቶውን በር አሳክላችሁ ለሰቀላችሁበት ባነር በአንድ ቀን ብር ተዋጣ። አታፍሩም?

ይቅርታ፣ ምስጋና ላይ ነበርኩ።

ዝግጅቱ እንዳለቀ እናቱ በሩ ላይ ቆመዋል። ያልተሸጡትን መጻሕፍት በፌስታል ይዘዋል፤ ዋጋው 80 ብር። ሁሉም እያቀፋቸው ሰልፊ ተነሣ። ቡና ነጋዴውም ተነሣ። ፌስታሉን ገለጥ አድርጎ አየና ጠጋ አላቸው።

"እማማ፣ ነፃ ኮፒ የለም?"