በሁለት ድምፅ የተሠራ ሙዚቃ

እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ የሃንጋሪ ወጣቶች በኮምፒውተር የሠሯቸው የሙዚቃ ፋይሎች ዛሬም አፍቃሪ አላቸው። ብዙ ሰው ነገሩን የልጅነት ትዝታ ነው ብሎ ያልፈዋል። እኔ በዚህ አልስማማም። ፋይሎቹ እስካሁን የሚደመጡት ሙዚቃቸው ጥሩ ስለሆነ ነው።

ኮሞዶር የተባለው ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1984 ፕላስ/4 የሚባል ኮምፒውተር አወጣ። የምዕራቡ ገበያ ፊት ነሳው፤ በዓመቱ ምርቱ ቆመ። ከተረፈው ክምችት ብዙ ኮምፒውተር በርካሽ ሃንጋሪ ገባ፤ ትምህርት ቤቶችም ደረሰ። ያኔ ሃንጋሪ በሶሻሊስቱ ጎራ ስለነበረች፣ ምዕራባውያን ኮምፒውተር ወደዚያ እንዳይሻገር ይቆጣጠሩ ነበር። ታዋቂው ኮሞዶር 64 እንኳ ከቪየና በመንገደኛ ሻንጣ ይገባ ነበር።

የፕላስ/4 ችግር ድምፁ ላይ ነው። ኮሞዶር 64 ሦስት ድምፅ ያለው፣ ማለትም በአንድ ጊዜ ሦስት ኖታ የሚጫወት፣ ቃናውንም እንደልብ የሚቀያይር ሲድ የተባለ የድምፅ ቺፕ ነበረው። ፕላስ/4 ያለው ሁለት ድምፅ ብቻ ነው፤ እሱም ደረቅ ጥዝዝታ። ከበሮ የሚመስል የ"ሽሽ" ድምፅ የሚያወጣው ከሁለቱ አንዱ ብቻ ነው። የድምፅ ከፍታቸውም የጋራ ነው፤ አንዱን ቀነስ ሲያደርጉት ሌላውም አብሮ ይቀንሳል።

ታዲያ ልጆቹ ምን አደረጉ? ኮርድ፣ ማለትም አንድ ላይ የሚመቱ ሦስት ኖታዎች፣ ሲያስፈልጋቸው ሦስቱን ኖታ በአንዱ ድምፅ ላይ በየተራ አፈራረቁ፤ በሰከንድ እስከ 50 ጊዜ። ጆሮ ይታለላል፣ ሦስቱም አንድ ላይ የተመቱ ይመስለዋል። በሌላው ድምፅ ቤዙን፣ ማለትም ወፍራሙን የታች ዜማ፣ ይጫወቱና ለቅጽበት ቆርጠው ከበሮውን ያስገባሉ። ትርፍ ኖታ የሚቀመጥበት ቦታ የለም። እኔን የሚማርከኝ ይሄ ነው፤ እያንዳንዱ ድምፅ ታስቦበት እንደገባ ይሰማል።

ደግሞ አብዛኞቹ ፋይሎች ውስጥ የተቀዳ ድምፅ የለም። ፋይሉ ራሱ ፕሮግራም ነው፤ ምን እንደሚጫወት ለቺፑ ያዘዋል። ብዙዎቹ ጥቂት ኪሎባይት ናቸው። የሦስት ደቂቃ ኤምፒ3 ግን ሦስት ሜጋባይት ገደማ ይይዛል። ስለዚህ ፋይሉ በተከፈተ ቁጥር ማሽኑ ሙዚቃውን እንደ አዲስ ይጫወተዋል። ውስጡን ገልጦ አሠራሩን መማርም ይቻላል።

ለዚህ ነው ሙዚቃውን ወደ ኤምፒ3 ቀይሮ ዋናውን ፋይል መጣል የሚያናድደኝ። ድምፁ ይተርፋል፤ ብልሃቱ ግን ይጠፋል። የድሮውን ማሽን አስመስለው የሚሠሩ ፕሮግራሞች ዛሬ በነፃ ይገኛሉ። እንዲህ ዓይነት ፋይል እጃችሁ ላይ ካለ እንዳለ አስቀምጡት፤ የሠሪውንም ስም አብራችሁ ያዙ። እነዚያ ልጆች በፍሎፒና በካሴት ሲለዋወጡ ስማቸውን ከሥራው ጋር ይጽፉ የነበረው እንዲታወቅላቸው ነው።