ባለቤቱ ፈቅዶልኛል ማለት አይበቃም

በየካ አባዶና በኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየሞች አንድ የዋይፋይ መስመር ለብዙ ቤት ሲዳረስ ማየት የተለመደ ነው። ውሉን የፈረመው አንድ ሰው ነው፤ ሌላው ወር በወር ያዋጣል። ኑሮው ሲታይ ደግ ያደርጋሉ። የሚያሳስበኝ ሳይበር ሴኪዩሪቲ የሚማር ወጣት በዚሁ መስመር ላይ ሰብሮ መግባትን ሲለማመድ ነው። «ባለቤቱን አስፈቅጃለሁ» ይላል።

ፈቃዱ እስከ የት ድረስ ነው? ራውተሩ የሰውዬው ነው። በራውተሩ የሚያልፈው የጎረቤት መልእክት ግን የእሱ አይደለም፤ ያልያዘውን ደግሞ ሊፈቅድ አይችልም። የኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ያለ ፈቃድ ወይም ከፈቃድ በላይ የሰው የኮምፒውተር ሥርዓት ውስጥ መግባትን፣ መጥለፍንና ማስተጓጎልን ለየብቻ ወንጀል ብሏቸዋል። መግባቱ ብቻ እስከ 3 ዓመት እስራት፣ ከ30 ሺህ እስከ 50 ሺህ ብር መቀጮ ወይም ሁለቱንም ያመጣል።

እንደ ፍሊፐር ዜሮ ያሉ በእጅ የሚያዙ የመስበር መለማመጃ ዕቃዎች በቲክቶክ የሚባልላቸውን ያህል አይደሉም። ፍሊፐር ለብቻው ዋይፋይ እንኳ የለውም፤ ኢኤስፒ32 የተባለች ቦርድ ትሰካበታለች። ያኔ ስልኮችን ከራውተሩ ያባርራል፣ ተመልሰው ሲገናኙ ከራውተሩ ጋር የሚለዋወጡትን፣ የይለፍ ቃሉን ለመገመት የሚያገለግለውን መረጃ ይቀዳል። በአዲሱ የዋይፋይ ጥበቃ፣ በደብሊውፒኤ3፣ ይህ የማባረር ዘዴ በአብዛኛው አይሠራም። አሮጌ ራውተር ላይ ግን ይሠራል፤ በዚያች ቅጽበት ላይኛው ፎቅ ያለችው ልጅ የሥራ ኢንተርቪው ላይ ልትሆን ትችላለች። እሷን ማን አስፈቀዳት?

ደግሞ ትልቁን ክፍተት ለማግኘት ዕቃም አያስፈልግም። የይለፍ ቃሉ የባለቤቱ ስልክ ቁጥር ነው እንበል። 09ን ስንተው 8 አሃዝ ይቀራል፤ 100 ሚሊዮን አማራጭ ማለት ነው። የተለዋወጡትን የቀዳ ሰው ጥሩ የጌም ኮምፒውተር ካለው አማራጮቹን ሁሉ ሞክሮ በደቂቃዎች ይጨርሳቸዋል። ይህን ለባለቤቱ ቁጭ ብሎ ማስረዳት ይቻላል፣ ማንም ሳይነካ።

መለማመድ የፈለገ ያገለገለ ራውተር ይግዛ፤ የራሱን ስልክ ያገናኝበት። ማባረርም አያስፈልገው፤ የስልኩን ዋይፋይ አጥፍቶ ቢያበራ ያው መለዋወጥ ይመጣለታል። በጋራ መስመር ላይ መሥራት የግድ ከሆነ ወረቀት ይጻፍ፦ የትኛው ራውተር፣ ከስንት ሰዓት እስከ ስንት ሰዓት፣ ምን ይነካል፣ ምን አይነካም። መስመሩን የሚጠቀም እያንዳንዱ ቤት ይፈርም። አንድ ቤት እምቢ ካለ ይቅር። ማሠልጠኛዎችም ተማሪው ዕቃውን ከመንካቱ በፊት ይህን ወረቀት ይጠይቁት።