ደረስኩኒየም

በቱሉ ዲምቱ ውሃ የሚመጣው በፈረቃ ስለሆነ፣ ከሮቶው የሚወርደው ቧንቧ ማፍሰስ ሲጀምር ለቧንቧ ሠራተኛው የደወልኩት ገና በማለዳ ነበር። «ጋሼ፣ ደርሻለሁ እኮ፤ አደባባዩን እየዞርኩ ነው» አለኝ። ከድምፁ ኋላ ግን ሽንኩርት ሲቁላላ በግልጽ ይሰማ ነበር፤ እኔ እስከማውቀው ደግሞ በአደባባያችን መሃል ወጥ የሚሠራ ሰው የለም።

ሰውየው ዋሸ ብሎ መደምደም የተመራማሪ ስንፍና ነው። እርሱ በእርግጥ ደርሷል፣ ያልደረሰው ጊዜው ነው ብለን እንነሳ። ጊዜን እንዲህ የሚለጥጠውን ንጥረ ነገር «ደረስኩኒየም» ብዬዋለሁ። የሚስቅ ካለ፣ በ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የነበሩ ሊቃውንት እንጨት የሚነደው ፍሎጂስተን የሚባል ነገር በውስጡ ስላለ ነው እያሉ፣ ፈረንሳዊው ኬሚስት ላቮዚዬ እስኪያፈርስባቸው ድረስ ማስተማራቸውን ያስታውስ። ማይክልሰንና ሞርሊም በ1887 እ.ኤ.አ. ብርሃን ይጓዝበታል የተባለውን ኤተር ቢፈልጉ ምልክቱን አላገኙም። ፈረንጆቹ የሌለውን ፈልገው ዝና አገኙ፤ እኛ ዘንድ ግን በየደጃፉ የሞላውን የሚመረምር ጠፋ።

ጊዜ እንደሚለጠጥማ የታወቀ ነው። በ1971 እ.ኤ.አ. ሃፈልና ኪቲንግ የተባሉ ተመራማሪዎች እጅግ ትክክለኛ የሆኑ የሲዚየም አቶሚክ ሰዓቶችን በመንገደኞች አውሮፕላን ይዘው ዓለምን በመዞር ምድር ላይ ከቀሩት ሰዓቶች ጋር ያለውን ልዩነት በቢሊዮንኛ ሰከንድ ለክተዋል። ከፍታም ሰዓትን ስለሚያፈጥን፣ እንጦጦ ላይ ያለው አዳማ ካለው በኢምንት ይቀድማል። እኛ እንዲህ መድከም አያስፈልገንም፤ የግድግዳ ሰዓትና አንድ ባለሙያ ይበቁናል። ፒያሳ ላይ ግማሽ ሰዓት የምትሆነው «አምስት ደቂቃ»፣ ቃሊቲን ስታልፍ ከምሳ ሰዓት ትገናኛለች፤ ቱሉ ዲምቱ ስትገባ ደግሞ ጥላ ታዞራለች።

መልሼ ደውዬ ስቆጣ፣ ቧንቧ ሠራተኛው «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ብሎ አጽናናኝ። ይህን ተረት እወደዋለሁ፤ የማልወደው የሚጠቅሱትን ሰዎች ነው። የዶሮ እንቁላል ከታቀፈበት ዕለት አንሥቶ በ21 ቀን ገደማ ይፈለፈላል። መንገድ ተዘጋግቶብኝ ነው አይልም፤ ለቅሶ ነበረብኝ አይልም። ቀጠሮውን የሚያከብረውን ፍጥረት መርጠን የዘገምተኞች ጠበቃ ማድረጋችን ግፍ ነው።

ግፍ ካልኩ ዘንድ፣ ከዓመታት በፊት የእድራችን ስብሰባ ለሦስት ሰዓት ተጠርቶ በሰዓቱ የተገኘነው ጥቂቶች በድንኳኑ ብርድ ስንጠብቅ አረፈድን። ዘግይቶ የመጣ አንድ ትልቅ ሰው «እስቲ ከመጀመሪያው» በማለቱ ቃለ ጉባኤው እንደገና ተነበበ፤ ቀጥሎም ሊቀመንበሩ ስለ ሰዓት አለማክበር ረጅም ተግሣጽ ሰጡ። የሰጡት ለማን ነው? ከሁሉም ቀድመን ለተቀመጥነው! ያንን ተግሣጽ እስከ ዛሬ አልዋጥኩትም።

የንጥረ ነገሩ ዋና ጠባይ ግን የተናገረውን ሰው ፈጽሞ አለመንካቱ ነው፤ የሚያረጀው የሚጠብቀው ብቻ ነው። በቀን ሥራ የምትተዳደር አንዲት ጎረቤቴ፣ ወረቀት ለማስፈረም የሄደችበት ቢሮ «ነገ ተመለሺ» ባላት ቁጥር የዚያን ዕለት ክፍያዋን ታጣለች። ፊርማው የእስክሪብቶ ክዳን ከማንሣት የበለጠ ጊዜ አይፈልግም። ክዳኑን ለማንሣት የሰነፈው ሰው ደመወዙ በወር መጨረሻ ሳይጎድል ይገባለታል፤ ባለ ጉዳይዋ ግን ለእርሱ ስንፍና ከእንጀራዋ ቆርሳ ትከፍላለች። እዚህ ላይ ቀልድ አይመጣልኝም፤ የሚመጣለትም ሰው ቢኖር ባልሰማው እመርጣለሁ።

ቧንቧው ከሰዓት በኋላ ተጠግኗል፤ ስለ እርሱ ይህ ይበቃል። ለሳይንሱ የሚጠቅመው የማርከሻው ጉዳይ ነው። ቀብድ መክፈል ደረስኩኒየምን ያጠነክረዋል፤ ቀብዱ ከፍ ባለ መጠን የባለሙያው ስልክ «ጥሪ አይቀበልም» ማለት ያበዛል። ያልተከፈለ ቀሪ ሂሳብ ግን ያተነዋል። ቤት ለማሳየት ሦስት ጊዜ የሚያስቀጥር ደላላ፣ ኮሚሽኑን ሁለት ሰዓት ላይ መጥቶ እንዲወስድ ቢነገረው አንድ ሰዓት ተኩል ላይ በር ያንኳኳል፤ ተከራዩ ፊቱን ሳይታጠብ ቢከፍትለትም «አረፈድኩ እንዴ?» ብሎ ይጠይቃል።