ቸኮሌቱ ላይ ያለው ነጭ ነገር ሻጋታ አይደለም
እህቴ፣ «ነጭ ነገር የለበሰ ቸኮሌት ሻግቷል፣ ጣሉት» ያልሽው መታረም አለበት። ሻጋታ እርጥበት ይፈልጋል። ደረቅ ቸኮሌት ውስጥ ደግሞ ውሃ የለም ማለት ይቻላል።

ነጩ ነገር ብዙ ጊዜ የቸኮሌቱ የራሱ የኮኮዋ ቅቤ፣ ማለትም ከኮኮዋ ፍሬ የሚገኘው ስብ ነው። ይህ ቅቤ ሲረጋ 6 ዓይነት የክሪስታል ቅርጽ ሊይዝ ይችላል። አምራቾች የሚፈልጉት 5ኛውን ነው። የሚያብረቀርቀው፣ ሲሰበር ቀጭ የሚለው፣ 34 ዲግሪ አካባቢ የሚቀልጠው እሱ ነው። አፍ ውስጥ ሟሙቶ የሚጠፋውም ለዚህ ነው፤ የሰውነታችን ሙቀት 37 ነዋ! ቸኮሌቱ ሙቀት ነክቶት እንደገና ሲረጋ ግን ቅቤው ወደ ላይ ይወጣና ነጭ ሆኖ ይታያል።

ከፍሪጅ ሲወጣም ጤዛ ይይዘዋል፤ ስኳሩ ሟሙቶ ሲደርቅ ነጭ ዱቄት ይመስላል።

ሁለቱም አይጎዱም። ክሬም ወይም ፍራፍሬ የተሞላው ግን ሊሻግት ይችላል፣ እሱን ለይተሽ እዪው። ሌላውን ትኩስ ወተት ውስጥ አቅልጪው።