«አስተማሪ ሆኖ ቀረ» ስለተባለው ሰው

ክርክሩ የተነሣው በአንድ ወጣት ሰበብ ነው። ዋሽንግተንና አካባቢዋ በየሠርጉ የሚዘፍን፣ ሁላችንም የምናውቀው ድምፀ መልካም ልጅ መድረኩን ትቶ በአንድ ትምህርት ቤት ለሕፃናት ሙዚቃ ማስተማር ጀመረ ተባለ። ከሀዋርድ ዩኒቨርሲቲ ዝቅ ብሎ ባለ የሀበሻ ምግብ ቤት አራት ሆነን ተቀምጠናል። የሙዚቃ ድግስ እያሰናዳ ትኬት የሚሸጠው ወዳጃችን ወሬውን ሲሰማ ከንፈሩን መጠጠ። «አይ ልፋት! አስተማሪ ሆኖ ቀረ» አለ፤ ልጁ እግሩን የተቆረጠ ይመስል።

ጋሼ ስኒያቸውን አስቀመጡና «ከመጠምጠም መማር ይቅደም» አሉ።

ጋሼ አገር ቤት ለረጅም ዘመን ሒሳብ ያስተማሩ፣ እዚህ መጥተው ደግሞ መኪና ማቆሚያ ውስጥ ሲሠሩ ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው። አንድ ተረት ከያዙ ቀኑን ሙሉ አይለቁትም። የዚያን ዕለት የያዙት ይህንኑ ነበር።

«ምን ለማለት ነው ጋሼ?» አለ ባለ ትኬቱ።

«እዚሁ ከራስጌህ ባለው ዩኒቨርሲቲ ያስተምር የነበረ ቶድ ደንካን የሚባል ሰው ታውቃለህ ወይ ለማለት ነው።»

አያውቅም። የሙዚቃ ሰው ነኝ ባይ፣ ያውም በዚያ ዩኒቨርሲቲ በር ሲመላለስ የሚውል ሰው፣ ደንካንን አያውቅም። እውነቱን ለመናገር እኔ ከዚያ በኋላ የተናገረውን ሁሉ የሰማሁት በግማሽ ጆሮ ነው።

ደንካን በ1903 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) ኬንታኪ ውስጥ ዳንቪል በምትባል ከተማ ተወለደ። እናቱ የሙዚቃ አስተማሪ ነበሩ፤ ትምህርቱን የጀመረው ከእሳቸው ነው። ከኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ሁለተኛ ዲግሪውን ይዞ በ1930 ሀዋርድ ገባና የድምፅ ትምህርት ያስተምር ጀመር። መድረክ ላይ ስሙ የተጠራው ከዚያ በኋላ ነው።

«ቅደም ተከተሉን ልብ በል» አሉ ጋሼ። «ከመጠምጠም መማር ይቅደም።»

በዚያን ጊዜ አሜሪካዊው አቀናባሪ ጆርጅ ገርሽዊን ዘፈኖቹ በየቤቱ የሚሰሙ፣ ገንዘብም ዝናም የተረፈው ሰው ነበር። «ፖርጊ ኤንድ ቤስ» ለተባለው አዲስ ኦፔራው፣ ማለትም በዘፈን ለሚቀርብ ቴአትሩ፣ ዋናውን ገጸ ባሕርይ ፖርጊን የሚጫወት ጥቁር ባሪቶን (መካከለኛ ውፍረት ያለው የወንድ ድምፅ) ይፈልጋል። ስለ ደንካን ሰማና ወደ ኒውዮርክ ጠራው። ደንካን ግን ለገርሽዊን ሙዚቃ ያን ያህል ክብር አልነበረውም፤ የሚዘፍነውም የሚያስተምረውም ሌላ ዓይነት ነዋ። ሄዶ አንድ የቆየ የጣሊያንኛ ዜማ አዜመ። ገና ጥቂት እንዳለ ገርሽዊን አቋርጦ ፖርጊን ትሆንልኛለህ ወይ ብሎ ጠየቀው። ደንካንም መጀመሪያ ሙዚቃህን ልስማ አለ። ሚሊዮኖች የሚያውቁትን አቀናባሪ እንደ አንድ የመግቢያ ፈተና ተማሪ አስቀምጦ ፈተነው ማለት ነው። ገርሽዊንና ወንድሙ ጎርናና ድምፃቸውን ይዘው እየዘፈኑ ሥራውን አሰሙት። አስተማሪው ሰማ፣ ወደደ፣ ተስማማ።

«ትዕቢት ነው!» አለ ባለ ትኬቱ። «እኔ ብሆን ሳይጨርስ ፈርሜ ነበር።»

ይህን ማንም አልተጠራጠረም።

የወዳጃችን ክርክር ተጨምቆ ሲታይ አንድ ዓረፍተ ነገር ነው፤ ሕዝብ የሚያስታውሰው ዘፋኙን እንጂ አስተማሪውን አይደለም። ይህንኑ አንዴ ጮክ ብሎ፣ አንዴ ጠረጴዛ እየመታ፣ አንዴ ደግሞ ስልኩን እያየ ነገረን። የሕዝብ ትዝታ የሚለካው በምን እንደሆነ ስጠይቀው በአዳራሹ ወንበር ቁጥር ነው አለ።

እንግዲህ በወንበር ቁጥር እንሂድ። «ፖርጊ ኤንድ ቤስ» በኒውዮርኩ የቴአትር ሰፈር በብሮድዌይ የተከፈተው ጥቅምት 10 ቀን 1935 ሲሆን፣ 124 ጊዜ ታይቶ ወረደ። ያወጣውን ገንዘብ እንኳ አልመለሰም። ባለ ትኬቱ ይህን ሲሰማ ፊቱ በራ። «ኪሳራ! አላልኳችሁም?» አለ። በ1942 እንደገና ሲታይ፣ ያኔም ደንካን ፖርጊን ሆኖ፣ ከመጀመሪያው እጅግ የበለጠ ጊዜ በመድረክ ላይ መቆየቱን ስነግረው ፊቱ መልሶ ጠቆረ። ደንካን በዕድሜው ከ1,800 ጊዜ በላይ ፖርጊን ተጫውቷል። ፖርጊ እግሩ የማይሠራ፣ በፍየል ጋሪ የሚሄድ ለማኝ ነው። እንግዲህ ያን ሁሉ ጊዜ በጉልበቱ እየሄደ፣ በዚያ ሁኔታ ትንፋሹን ጠብቆ መዝፈን ነው። ይህ በስጦታ ብቻ የሚሆን አይደለም። ሆድን፣ ጎድንን፣ ጉሮሮን አንድ በአንድ ያጠና፣ ለሌላውም ሲያስረዳ የኖረ ሰው ሥራ ነው።

ስለ ጊዜው አንድ ነገር ልጨምር፤ ከክርክሩ ባይገባም አልፌው መሄድ አልቻልኩም። ጣሊያን መረብን ተሻግሮ የወረረን ጥቅምት 3 ቀን 1935 ነው። መጋረጃው ኒውዮርክ ላይ የተገለጠው ልክ በሳምንቱ ነው። በእነዚያው ዓመታት ደንካን በሚያስተምርበት በሀዋርድ ዩኒቨርሲቲ ዶክተር መላኩ በያን ሕክምና ተምረዋል፤ በኋላ የኢትዮጵያ ዓለም አቀፍ ፌዴሬሽንን መሥርተው ጥቁር አሜሪካውያንን ለአገራችን ያሰባሰቡት እሳቸው ናቸው። እኛ በየቀኑ ጥብስ የምንበላበት ሰፈር እንዲህ ዓይነት ሰዎች የተመላለሱበት ነው። አብዛኞቻችን ሰፈሩን የምናውቀው ግን በፓርኪንግ ችግሩ ነው።

በዚህ መካከል ጋሼ በ1936 የሆነውን አነሡ። ትርኢቱ ወደ ዋሽንግተን ናሽናል ቴአትር መጣ። ቴአትር ቤቱ ጥቁር ተመልካች አያስገባም። ደንካን፣ የሚያስተምርባት ከተማ ተማሪዎቹና ጎረቤቶቹ ገብተው ሊያዩት በማይችሉበት አዳራሽ አልዘፍንም አለ። ቤስን የምትጫወተው አን ብራውንም አብራው ቆመች። አስተዳዳሪዎቹ ጥቁሮች በተወሰነ ቀን ይግቡ፣ ወይም ከላይ ሰገነት ላይ ይቀመጡ እያሉ ተደራደሩ። ደንካን ማንም ሰው የፈለገውን ትኬት ገዝቶ የፈለገበት ካልተቀመጠ አይሆንም ብሎ ጸና። በመጨረሻም ለዚያ ትርኢት በሩ ለሁሉም ተከፈተ። እርግጥ ነው፣ ትርኢቱ ሲያልቅ ወደ ድሮው ተመለሱ። በ1948ም ጥቁርና ነጭ አቀላቅሎ ከማስቀመጥ ቴአትሩን ዘግቶ ፊልም ቤት መሆንን መረጡ፤ ለሁሉም ሆኖ እንደገና የተከፈተው በ1952 ነው።

«በዚያ ቀን ዘፋኝ ብቻ ቢሆን ኖሮ» አሉ ጋሼ፣ «ዘፍኖ ገንዘቡን ተቀብሎ ይሄድ ነበር። በማግስቱ ክፍል ገብቶ የተማሪዎቹን ዓይን ማየት ስላለበት ነው እንቢ ያለው። ከመጠምጠም መማር ይቅደም።»

ባለ ትኬቱ በዚህ ላይ መልስ አልነበረውም። ያለው ነገር ቢኖር «እኔም ማንንም ከልክዬ አላውቅም፤ ትኬት የከፈለ ሁሉ ይገባል» የሚል ነው።

አራተኛዋ፣ ነርስ የሆነችው እህታችን፣ እስካሁን ዝም ብላ ነበር። ጠንካራውን ነገር ያመጣችው እሷ ናት። «ስለ ቤስስ?» አለች። አን ብራውን የባልቲሞር ሐኪም ልጅ ናት፤ ገና በአሥራ ስድስት ዓመቷ ጁሊያርድ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ገባች። ገርሽዊን እንዲህ ያለ ሥራ እየጻፈ መሆኑን ስትሰማ ደብዳቤ ጻፈችለት፤ ሲሰማት ወደዳት። የቤስ ድርሻ እየሰፋ የሄደው፣ የሥራው ስምም «ፖርጊ» ከመባል አልፎ ስሟን ያካተተው በእሷ ምክንያት ነው። የአሜሪካን ዘረኝነት ሸሽታ በ1948 ኖርዌይ ገባች፤ አስም ድምፁን ቢነጥቃት ኦስሎ ውስጥ ዘፈን አስተማሪ ሆነች። በ2009 በ96 ዓመቷ ያረፈችው እዚያው ነው። «ይቺስ ወዳ ነው?» አለች እህታችን። «ትንፋሽ ያጠረው ሰው አስተማሪ ሲሆን ማጽናናት እንጂ ማወደስ ምን ይሉታል?»

ልክ ናት። አን ብራውን ድምፅዋ ቢቆይላት መዝፈንን ትመርጥ ነበር ይሆናል። ነገር ግን አንድ ነገር ልብ እንበል፤ የመጀመሪያው ፖርጊም የመጀመሪያዋ ቤስም ዕድሜያቸውን የጨረሱት ሌላ ሰው እንዴት እንደሚተነፍስ እያስተማሩ ነው። አንዷን በሽታ አስገደዳት። ሌላውንስ? ደንካንን ማንም አላስገደደውም። በ1945 በኒውዮርክ ሲቲ ኦፔራ ዋና ድርሻ ይዞ በመዝፈን በትልቅ የአሜሪካ ኦፔራ ቡድን የታየ የመጀመሪያው ጥቁር ሰው ሆነ። በ1949 ብሮድዌይ ላይ የደቡብ አፍሪካውን ቄስ ኩማሎን ተጫወተ። ዓለምን ዞሮ ዘፈነ። ከዚያ በኋላ ነው ዋሽንግተን ውስጥ ወንበር ዘርግቶ፣ በ1998 በ95 ዓመቱ እስኪያርፍ ድረስ ሲያስተምር የኖረው።

ባለ ትኬቱ ስልኩ ላይ አንድ ነገር አግኝቶ ብድግ አለ። «አንቼይንድ ሜሎዲን በ1955 ፊልም ላይ መጀመሪያ የዘፈነው እሱ ነው ይላል! ዘፈኑን ግን ዓለም የሚያውቀው በሌሎች ድምፅ ነው። አያችሁ? ገንዘቡን ሌላ በላው!» አለ።

አየን። በደስታ ነው የተናገረው። አንድ ሰው የራሱን ሽንፈት እንደ ድል ሲያነብ ከዚያ ቀን በፊት አላየሁም።

እኔ የምለው ይህን ነው። አገር ቤት ዜማ ቤት የገባ ተማሪ ቆሎ እየቆረጠመ፣ ውሻ እየነከሰው፣ ዓመታት ድጓ የተባለውን የቤተ ክርስቲያን ዜማ ያጠናል። ከዚያ ጎንደር፣ ጋይንት ወዳለችው ቤተልሔም ሄዶ ያስመሰክራል። አስመስክሮ ሲመለስ ትልቁ ማዕረጉ ምንድን ነው? ወንበር መዘርጋት፣ የኔታ መባል። የኔታን «አስተማሪ ሆነው ቀሩ» ያለ ደፋር በዚያ አገር አልነበረም። ጥምጥሙም ቢሆን የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው፤ የጋሼን ተረት የፈጠሩት ይህን የሚያውቁ ሰዎች ናቸው። አሁን ግን ልጆቻችን ገና ድምፃቸው ሳይቆርጥ ጥምጥሙን ይጠመጥማሉ፤ ከዚያ ስቱዲዮ ገብተው ስህተቱን ኮምፒውተር ያርምላቸዋል። በፖስተር ላይ የዘፋኙ ስም፣ የአዘጋጁ ስም፣ የድምፅ ማጉያው ኪራይ ቤት ስም፣ የሬስቶራንቱ ስም አለ። ልጁን መተንፈስ ያስተማረው ሰው ስም ተጽፎ ያየ ካለ ያሳየኝ።

ነርሲስ ናልባንዲያን በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ስንቱን ሙዚቀኛና ድምፃዊ እንደቀረጹ የሚያነሣ ጥቂት ነው፤ የዘፋኞቹን ዘፈን ግን ሁሉም ያንጎራጉራል። ተስፋዬ ገሠሠ ተዋናይም አዘጋጅም ሆነው ሳለ ዩኒቨርሲቲ ገብተው ቴአትር አስተማሩ፤ በቴሌቪዥን የሚያስቁን ተዋንያን ከማን እንደተማሩ የሚጠይቅ ግን የለም። ከዚህም ይብሳል። አገር ቤት መምህር ቤት ሊከራይ ሲሄድ አከራዩ ሥራውን ከሰማ በኋላ የሦስት ወር ቅድሚያ ይጠይቀዋል፤ ያው አከራይ ልጁ ፈተና ሲወድቅ መምህሩን ሊሳደብ ይሄዳል። እዚህ አሜሪካም መጥተን አልተሻሻልንም። ልጃችን ሐኪም ትሁን፣ ኢንጂነር ትሁን፣ ካልሆነም ትዝፈን እንላለን። አስተማሪ እሆናለሁ ስትል ግን እናቷ ለጎረቤት በሹክሹክታ ነው የምትናገረው። ጋሼን የመሰለ የሒሳብ መምህር ሌሊት ሌሊት የመኪና ቁልፍ ሲቀበል ያመሸው በእንዲህ ዓይነት ሰዎች መካከል ስለኖረ ነው፤ አንዳንዱን ቁልፍ የሰጡትም ማባዛትና ማካፈል ያስተማሯቸው ልጆች ናቸው፤ ጉርሻ እንኳ ሳይተዉላቸው።