«ሞልቷታል እኮ» አትበሉኝ

ወገኖቼ፣ በተለይ እዚህ እንግሊዝ አገር እንደኔ ለንግሥቲቱ ቃል ገብታችሁ ፓስፖርት የወሰዳችሁ፣ ዛሬ የምቆጣው እናንተን ነው። ራሴንም።

ባለፈው ሰሞን አንድ ክርስትና ላይ ተቀምጠናል። ወሬው እንዴት እንደሆነ እንጃ፣ ወደ ተዋናይቷ ኤማ ዋትሰን ዞረ። አንዱ ያንን የ18ኛ ልደቷን ታሪክ አነሳና «ያኔ እኮ 18 ሞልቷት ነበር፤ ሕጋዊ ነው» አለ። ገበታው ላይ ያለው ሁሉ ሳቀ። እኔ የጎረስኩት አልወርድ አለኝ። ሕፃናቱ እዚያው እግራችን ሥር ይጫወቱ ነበር።

የሳቃችሁበትን ነገር ልንገራችሁ።

ኤማ ለሃሪ ፖተር ፊልም ስትፈተን ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ኦክስፎርድ ውስጥ ትያትር የምትማር ልጅ ናት። ስምንት ጊዜ ፈትነው ነው ጠንቋይዋን ልጅ ኸርማዮኒን እንድትጫወት የመረጧት። የመጀመሪያው ፊልም በ2001 ሲወጣ 11 ዓመቷ ነበር። ከዚያ እስከ 2011 ድረስ ስምንት ፊልም ሠራች። ቁመቷ ሲጨምር፣ ድምፅዋ ሲጎለምስ አገር ሁሉ እያያት ነው ያደገችው። የኛ ልጆችም እኮ ሳሎን ውስጥ እንጨት ይዘው ኸርማዮኒ ነኝ ሲሉ ነው ያደጉት።

ኤፕሪል 15 ቀን 2008 ማክሰኞ ነበር። 18 ሞላት። ከልደት ግብዣዋ ስትወጣ ፎቶ አንሺዎች ውጭ ይጠብቋታል። ቆመው እንዳይመስላችሁ። መሬት ላይ ተኝተው ነው። የእግረኛ መንገድ ላይ ጀርባቸውን አሳርፈው፣ ካሜራቸውን ወደ ላይ ቀስረው፣ ከቀሚሷ ሥር አነሷት። በማግሥቱ ፎቶው የታብሎይድ፣ የሐሜት ጋዜጣ የፊት ገጽ ላይ ወጣ። ይህንን ከዓመታት በኋላ የነገረችን ራሷ ናት። ፎቶው 24 ሰዓት ቀድሞ ታትሞ ቢሆን ወንጀል ይሆን እንደነበርም ተናግራለች።

24 ሰዓት! ሰኞ ማታ ልጅ ነበረች። ማክሰኞ ለገበያ ቀረበች።

ነገሩ የጀመረውም ያን ቀን አይደለም። በ2014 ኒውዮርክ በተባበሩት መንግሥታት ቆማ ስለ ሴቶች እኩልነት ስትናገር፣ አንዳንድ ጋዜጦች ገና በ14 ዓመቷ በወሲብ ዓይን ሊያዩዋት እንደጀመሩ ተናግራለች። ታዲያ «ሞልቷታል» የምትሉኝ ምኑን ነው? 14 ዓመቷ ላይ ያፈጠጠ ዓይን 18 እስኪሞላት የታገሰው ሕጉን ፈርቶ ነው። ከዚያ ንግግር በኋላ ደግሞ እርቃን ፎቶዋን እንለቃለን የሚል ድረ ገጽ ተከፍቶ ሰዓት ይቆጥር ጀመር። ውሸት ሆኖ ተገኘ እንጂ ስንቱ አብሮ እየቆጠረ ጠበቀ።

ሕጉስ ቢሆን? ከቀሚስ ሥር ፎቶ ማንሳት በእንግሊዝና በዌልስ ራሱን የቻለ ወንጀል የሆነው በኤፕሪል 2019 ነው። ከዚያ ልደት 11 ዓመት ቆይቶ። እሱም ጂና ማርቲን የምትባል ወጣት በ2017 ሃይድ ፓርክ ኮንሰርት ላይ ተደርጎባት፣ እምቢ ብላ ስለታገለች ነው። አንድ የፓርላማ አባል «እቃወማለሁ» ብሎ ረቂቅ ሕጉን በአንድ ቃል ያስቆመበት ቀንም ነበር። አሁን እስከ 2 ዓመት ያሳስራል።

እኔስ? በዚያ ዘመን ደቡብ ለንደን አንድ ነዳጅ ማደያ ሌሊት እሠራ ነበር። ንጋት 11 ሰዓት ላይ ጋዜጣ ይመጣል። የፕላስቲክ ማሰሪያውን በጥሼ የምደረድረው እኔ ነኝ። ብዙ የሚሸጠው ዓይን ፊት፣ ሌላው ታች። የሴት ገላ ያለበት ሁልጊዜ ዓይን ፊት ነበር።

ጠዋት ጠዋት እናቴን የሚያህሉ ጃማይካዊት ነርስ ከአዳር ሥራ ሲመለሱ ጎራ ይላሉ። ወተት ይገዛሉ። ሲወጡ መደርደሪያው ጋ ቆም ብለው ያን የላይኛውን ጋዜጣ በፊቱ ገልብጠው ይተውታል። ምንም አይናገሩም። በሩን ሲያልፉ ሄጄ መልሼ አቀናዋለሁ። ሥራዬ ነዋ። ለወራት እንዲህ ሆነ። አንድም ቀን እንደገለበጡት ልተወው አላልኩም። አንድም ቀን «እማማ፣ ገብቶኛል» አላልኳቸውም። ደንበኛ ሲጠፋ ደግሞ እኔው ቆሜ አያለሁ። ይህንን የምጽፈው እያፈርኩ ነው። ያ ፎቶ አንሺ መሬት ላይ የተኛው እኔ ስለምደረድርለት፣ ሌላው ስለሚገዛው፣ እናንተ ስለምትስቁለት ነው።

ሀብታም ናት፣ ምን ቸገራት ትላላችሁ። ገንዘቧን እኔ አልቆጥርም። ትምህርቷን በ2014 ብራውን ዩኒቨርሲቲ ጨረሰች። «ሊትል ውመን» ከተባለው የ2019 ፊልም በኋላ ግን ለዓመታት አዲስ ፊልም ላይ አላየናትም። በእሷ አፍ አልናገርም። እኔ ብሆን ግን ያ የእግረኛ መንገድ አይረሳኝም ነበር።

እባካችሁ። የሰው ልጅ ዕድሜ አትቁጠሩበት። እንዲህ ያለ ፎቶ ስልካችሁ ላይ ሲመጣ እናንተ ጋ ይቅር፣ አታሳልፉት። ክርስትና ላይ ሲሳቅ አንድ ሰው «ኧረ ተዉ» ይበል። እኔ አላልኩም። ውሃዬን ጠጥቼ ዝም አልኩ።

ትናንት ሰፈራችን ያለ ሱቅ ገባሁ። ካሸሩ የኛ ልጅ ነው፣ 20 ቢሆነው ነው። ጋዜጣው እንደ ድሮው ዓይን ፊት ነው። ገለበጥኩት። ልጁ አየኝ፣ ምንም አላለም። ወጥቼ ፊት ለፊት አውቶቡስ ማቆሚያው ላይ ቆምኩና በመስታወቱ ወደ ውስጥ ሳይ ቆየሁ። ሁለት ሰው ገብቶ ወጣ። ጋዜጣው እንደተገለበጠ ነው። ምናልባት ሥራ በዝቶበት ይሆናል። አውቶቡሱ መጣ።